«ወሩን ንገሩኝ፣ መንገዱን እነግራችኋለሁ»

«ወሩን ንገሩኝ፣ መንገዱን እነግራችኋለሁ» አሉ ሹፌሩ። ጠረጴዛው ላይ የተዘረጋውን ካርታ ዞር ብለው አላዩትም። አሶሳ ነን፣ ወሩ ሐምሌ ነው፤ ዝናቡ በቡና ቤቱ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ ለመደማመጥ መጮህ ያስፈልጋል። ከአሪዞና የመጣው የአክስቴ ልጅ ካርታው ላይ በቀይ እስክሪብቶ አንድ ትልቅ ቀለበት ሠርቷል፦ ከአዲስ አበባ አዋሽ፣ ከአዋሽ ያንጉዲ ራሳ፣ ተመልሶ በጎንደር በኩል አልጣሽ፣ ከአልጣሽ በጉባ አድርጎ አሶሳ፣ ከአሶሳ በነቀምቴ አዲስ አበባ። የበረሃ ፓርኮችን በመኪና መዞር። እዚያ በየዓመቱ ከልጆቹ ጋር የሚያደርገው ነገር ነው፤ አገሩንም እንዲሁ ሊያሳያቸው ፈልጓል።

«ጋሼ፣ የልጆቹ ትምህርት ቤት የሚዘጋው በሰኔ ነው። ከነሐሴ በፊት መመለስ አለብን» አላቸው።

«ሰኔና ሐምሌማ የዝናቡ ናቸው» አሉ ሹፌሩ፤ ስኒያቸውን አነሡ። «እናንተ ጥር ላይ ኑ።»

ያን ቀን ጥር ላይ መምጣት የማይችል ሰው ምን ያድርግ የሚለው ጥያቄ አልተመለሰም። በየክረምቱ ከአሜሪካና ከአውሮፓ በዕረፍት የሚመጡ ብዙ ቤተሰቦች ጥያቄ ስለሆነ ግን ጊዜ ወስዶ ማየት ይገባዋል።

አሜሪካ ውስጥ የበረሃ ጉዞ ጠላቱ ሙቀት ነው። ካሊፎርኒያ ውስጥ ያለው ዴዝ ቫሊ እ.ኤ.አ. ሐምሌ 10 ቀን 1913 ዓ.ም. 56.7 ዲግሪ ሴንቲግሬድ የተመዘገበበት ቦታ ነው፤ የፓርኩ ጠባቂዎች በበጋቸው ወራት ረፋድ ካለፈ በኋላ በእግር አትሂዱ ይላሉ። እንደዚያም ሆኖ አስፋልቱ አለ፣ ምልክቱ አለ፣ ውሃ የሚሸጥበት ሱቅ አለ። ውሃውን ጭኖ በማለዳ የሚነሣ ሰው ያልፈዋል። በእኛ ምዕራብ ቆላ ግን በእነዚያው ወራት መንገደኛውን የሚያቆመው ፀሐዩ ሳይሆን ጭቃው ነው። ሙቀቱ የሚከፋው ዝናቡ ከመግባቱ በፊት፣ በመጋቢትና በሚያዝያ ነው። ሐምሌ ላይ አሶሳ የሚገባ ሰው፣ «ቆላ ነው» ተብሎ ሹራቡን አዲስ አበባ ትቶ ከመጣ ማታ ማታ ይቆጨዋል፤ ከተማዋ ከባሕር ጠለል ከ1,500 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ነው ያለችው።

ምክንያቱ የዝናቡ አገባብ ነው። በክረምት የዝናቡ ቀበቶ ከምድር ወገብ ተነሥቶ ወደ ሰሜን ይወጣል፤ ከአትላንቲክና ከኮንጎ ተፋሰስ የሚመጣው እርጥብ ነፋስም በምዕራብ በራችን ይገባል። ስለዚህ ምዕራቡ ቀድሞ ይዘንብበታል፣ ዘግይቶም ነው የሚባራለት፤ በቤኒሻንጉል ጉሙዝ ከግንቦት እስከ ጥቅምት መጀመሪያ ድረስ ዝናብ አለ። የሸዋ ሰው ለመስቀል ሰማዩን አይቶ «ክረምቱ ወጣ» ሲል፣ የአሶሳ ገበሬ ገና ጃንጥላውን አላስቀመጠም።

ከዝናቡ በታች ደግሞ አፈሩ አለ። ከአባይ ወዲያና ወዲህ ያለው ሜዳ በብዙ ቦታ ጥቁር ዋልካ ነው። በበጋ ሲደርቅ ክንድ የሚያስገባ ስንጥቅ ያወጣል፤ ሲርስ ያብጣል፣ ያሙለጨልጫል፣ ጎማው ላይ እየተጠቀለለ ባለ ፎር ዊሉን መኪና ሳይቀር ያቆመዋል። ወንዞቹም ሌላ ጣጣ አላቸው። ዳቡስ፣ በለስና አይማ የሚሞሉት እናንተ ቆማችሁ በምታዩት ዝናብ ብቻ አይደለም፤ ደጋ ላይ ትናንት የዘነበው ዛሬ ይደርሳል። ሰማዩ ጠርቶ ሳለ ጎርፍ ይወርዳል። ይህንን እንኳ የአሪዞና ሰው ያውቀዋል፤ እዚያም በደረቅ ሸለቆ ውስጥ ድንኳን የተከለን ሰው ሩቅ ተራራ ላይ የጣለ ዝናብ ሊወስደው ይችላል።

ይህን ቆላ በሁለቱም ወቅት የሞከሩት ሰዎች ታሪክ ከየትኛውም የጉዞ መመሪያ የበለጠ ያስተምራል፤ ሞካሪዎቹ ደግሞ ለሽርሽር የወጡ አልነበሩም።

በነሐሴ 1932 ዓ.ም.፣ ክረምቱ በሞላበት ሰዓት፣ ኮሎኔል ዳንኤል ሳንፎርድ የሚመሩት «ሚሽን 101» የተባለው ትንሽ ቡድን ከሱዳን ድንበሩን ተሻግሮ ወደ ጎጃም ገባ። ሳንፎርድ ከጣሊያን ወረራ በፊት ኢትዮጵያ ውስጥ ሲያርሱ የኖሩ ሰው ናቸው፤ አገሩን ያውቁታል። ለዚህም ይመስለኛል በዚያ ወቅት መኪናን ያላሰቡት። ዕቃቸውን በበቅሎና በአህያ ጭነው፣ በጣሊያን ምሽጎች መሐል ሾልከው፣ የቆላውን ጭቃ በእግር አቋርጠው ደጋ ወጡ። ዝናቡ መንገዱን ቢያከብድባቸውም የጣሊያንን ጠባቂዎች ከቤታቸው እንዳይወጡ አድርጎላቸዋል።

ከአምስት ወር በኋላ ተራው የንጉሠ ነገሥቱ ሆነ። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. ድንበር ላይ ባለችው ኦሜድላ ገብተው ሰንደቅ ዓላማ ሰቀሉ። ወሩ የተመረጠው በአጋጣሚ አይደለም፦ ዋልካው ደርቋል፣ ወንዞቹ ወርደዋል። የሚሄዱት ወደ በላያ ተራራ ነበር፤ ከመተከል ቆላ በድንገት ብድግ ያለ፣ ከሩቅ የሚታይ ተራራ ነው። በካርታ ላይ ሲታይ ቅርብ ነው። ይሁንና በበጋውም ቢሆን የጭነት መኪኖቹ በድንጋይና በደረቅ የወንዝ ገደል እየተያዙ፣ ሰዎቹ ዛፍ እየቆረጡ መንገድ እያወጡ፣ ንጉሡ በላያ የደረሱት በጥር መጨረሻ ነው። ሜጀር ዊንጌት የመሩት «ጌዴዎን» የተባለው ጦር ስንቅና ጥይቱን ያጓጓዘው በግመል ነበር። ጸሐፊው ሎረንስ ቫን ደር ፖስት ከግመል ነጂዎቹ መኮንኖች አንዱ ነበሩ። ከሱዳን ከተነሡት 15,000 ግመሎች መካከል አዲስ አበባ የደረሱት 53 ብቻ እንደሆኑ ይነገራል። የሱዳን ሜዳ ግመል ዳገቱን፣ ብርዱንና የማያውቀውን ቅጠል አልቻለውም። ንጉሠ ነገሥቱ ሚያዝያ 27 ቀን አዲስ አበባ ሲገቡ ያ ቆላ የግመል አጥንት ተበትኖበት ቀርቶ ነበር።

ዛሬ ይህ የኦሜድላና የበላያ መስመር ለአገር ውስጥ ተጓዥ ተለይቶ የተሰናዳ አይደለም። በእኔ አስተያየት ከላሊበላና ከጎንደር እኩል በትምህርት ቤት ጉዞ ዝርዝር ውስጥ መግባት የነበረበት መንገድ ነው፤ አርበኞችን በየዓመቱ እያከበርን የሄዱበትን አገር አለማወቃችን ይገርመኛል።

ከኦሜድላ ትንሽ ወደ ሰሜን ሲሉ አልጣሽ ይመጣል። አልጣሽ ብሔራዊ ፓርክ በ1998 ዓ.ም. የአማራ ክልል ያቋቋመው፣ 2,666 ስኩዌር ኪሎ ሜትር የሚሰፋ፣ በቋራ ወረዳ ያለ ፓርክ ነው። በደቡብ ቤኒሻንጉል ጉሙዝን ይነካል፤ በምዕራብ ከሱዳኑ ድንድር ፓርክ ጋር ይገጥማል። ድንድር እ.ኤ.አ. በ1935 የተመሠረተ፣ ከ10,000 ስኩዌር ኪሎ ሜትር በላይ የሆነ ፓርክ ነው። ለአራዊቱ ሁለቱ አንድ አገር ናቸው። የጉሙዝ ሰዎችም ፓርክ የሚባል ነገር ከመምጣቱ በፊት ጀምሮ በአካባቢው ማር ሲቆርጡ፣ ሲያድኑና ሲያርሱ የኖሩ ናቸው።

አልጣሽን ዓለም የሰማው በ2008 ዓ.ም. ነው። ቦርን ፍሪ የተባለው የዱር እንስሳት ድርጅት ከኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ጋር ሆኖ፣ በዶክተር ሃንስ ባወር መሪነት፣ ዛፍ ላይ የታሰሩ ካሜራዎች በሌሊት ያነሡትን የአንበሳ ፎቶ ይፋ አደረገ። ዱካም ተገኝቷል። ተመራማሪዎቹ በአልጣሽና በድንድር አንድ ላይ ከ100 እስከ 200 አንበሳ ሊኖር ይችላል ብለው ገመቱ። የውጭ ጋዜጦች «ያልታወቁ አንበሶች ተገኙ» ብለው ጻፉ፤ የቋራ ሰው ግን አንበሳ በሌሊት ሲያገሳ እየሰማ ያደገ ነውና አዲስ የሆነበት ፎቶው ብቻ ሳይሆን አይቀርም።

አንበሶቹና የሚያድኗቸው እንስሳት የራሳቸው የጉዞ ዕቅድ አላቸው፤ እንዲያውም የአክስቴ ልጅ ቀለበት ከእነሱ ጋር ሲነጻጸር ተቃራኒ ነው። በበጋ ውሃው ሲያልቅ የድንድር እንስሳት በወንዙ ዳር በሚቀሩት ኩሬዎች ዙሪያ ይሰበሰባሉ። ክረምቱ ሲገባ የድንድር ሜዳ ረግረግ ይሆናል፤ ያን ጊዜ ወደ ኢትዮጵያ በኩል፣ ወደ ከፍታው ይወጣሉ። እንግዲህ ክረምት ላይ አልጣሽ እንስሳ ሞልቶታል ማለት ነው፤ ግን ለእናንተ ምን ይጠቅማችኋል? ሣሩ ከሰው ቁመት በላይ ነው፣ መኪና አይገባም፣ ትንኙ ወባ ይዟል። ኅዳርና ታኅሣሥ ላይ ሣሩ ይደርቃል፣ በብዙ ቦታ ይቃጠላል፤ ሜዳው የሚገለጠውና ዱካ የሚታየው ከዚያ በኋላ ነው።

ይህ ሁሉ ሆኖ ወደ አልጣሽ ከአሶሳ በቀጥታ በመኪና እሄዳለሁ ማለት አይቻልም። የካርታው ቀለበት የሚያታልለው እዚህ ላይ ነው። በመካከሉ አባይ፣ የጉባና የዳንጉር ቆላ፣ ከዚያም መንገድ አልባው የድንበር ዳር አለ። መኪና የሚሄደው ወደ ደጋ ተመልሶ፣ ጎንደር ወጥቶ፣ በመተማ መስመር ዞሮ ወደ ቋራዋ ከተማ ወደ ገለጎ ነው። ይህ መስመር ደግሞ ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮ በአማራ ክልል ባለው ጦርነት ምክንያት ልጅ ይዞ የሚኬድበት አይደለም። በዚያው ዓመት ሚያዝያ ሱዳን ውስጥ ጦርነት ተነሥቶ ድንበሩ በስደተኛ ተጨናንቋል፤ ከአሶሳ በስተሰሜን ምዕራብ ያለችው ኩርሙክም የስደተኞች መግቢያ ሆናለች። መተከልም የራሷ ቁስል አላት። በ2013 ዓ.ም. በንጹሐን ላይ ከተፈጸመው ግድያ በኋላ ዞኑ በኮማንድ ፖስት ሥር ቆይቷል፤ በ2015 መጀመሪያ የክልሉ መንግሥት ከታጠቁ የጉሙዝ ኃይሎች ጋር የሰላም ስምምነት ተፈራርሟል። እነዚህን ነገሮች በጉዞ ጽሑፍ ውስጥ ማንሣት ስሜት ያበላሻል የሚሉ አሉ። እኔ ግን ልጅ ይዞ በሚሄድ አባት ላይ መንገዱ ላይ ከሚያበላሽበት እዚህ ቢያበላሽበት ይሻላል ባይ ነኝ።

በሐምሌ ካልሆነ ጊዜ የለኝም ለሚል ሰው የቀረው ምሥራቁ ነው። አዋሽ ብሔራዊ ፓርክ በ1958 ዓ.ም. የተቋቋመ፣ ከአዲስ አበባ በ200 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቀት ላይ በአስፋልት የሚደረስበት ነው። ሳላውን ሜዳው ላይ፣ የፈንታሌን ተራራ ከጀርባው ታያላችሁ፤ ፏፏቴውም በክረምት ነው የሚያምረው። በአፋር «ካርማ» የሚሉት የሐምሌና የነሐሴ ዝናብ ለሜዳው ሣር ይሰጠዋል፤ የፓርኩ የውስጥ መንገዶች ግን ሊጨቀዩ ስለሚችሉ መግቢያው ላይ ጠይቁ። በ2017 ዓ.ም. አካባቢውን ደጋግሞ የመታው የመሬት መንቀጥቀጥ ብዙ ሰው አፈናቅሏል፣ መንገድም ሰንጥቋል፤ ስለዚህ ይህም መስመር ቢሆን ሳይጠየቅ አይወጣበትም። ያንጉዲ ራሳ የዱር አህያን ለመጠበቅ የታሰበ ፓርክ ነው፤ ቤት ያለው አህያችን የመጣው ከአፍሪካ የዱር አህያ ነው። በሐምሌ ግን ቀኑ ከ40 ዲግሪ በላይ ሊሄድ ስለሚችል፣ የዴዝ ቫሊን ጥንቃቄ የሚያውቅ ሰው እዚህ ይጠቀምበት።

ወደ ሹፌሩ ምክር እንመለስ፦ ጥር። ያው ቤተሰብ ወይም ሌላ፣ ጥር ላይ አሶሳን መነሻ ቢያደርግ ምን ያገኛል?

መጀመሪያ ስለ መድረሱ። ከአዲስ አበባ በአምቦ፣ በነቀምቴ፣ በጊምቢና በመንዲ አድርጎ ባምባሲን አልፎ አሶሳ የሚያደርሰው መንገድ ከ650 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ዴዴሳንና ዳቡስን መሻገር፣ የወለጋን ቡና ማየት መልካም ነበር። ወለጋ ውስጥ ባለው ግጭት ግን መስመሩ ሲከፈትና ሲዘጋ ዓመታት አልፈዋል። የእኔ ፍርድ አጭር ነው፦ በአውሮፕላን ግቡ፣ መኪናውን ከነሹፌሩ አሶሳ ላይ ተከራዩ። የከተማው ሹፌር ያየውን ኬላና ያደረበትን ቀበሌ ያህል የሚያውቅ የስልክ ካርታ የለም።

አሶሳ ራሷ ሁለት ሦስት ቀን ትፈልጋለች። ክልሉ የበርታ፣ የጉሙዝ፣ የሺናሻ፣ የማኦና የኮሞ ብሔረሰቦች ቤት ነው። ገበያው ላይ ማንጎ አለ፣ ማር አለ፣ ባሚያ አለ፤ የማሽላ ገንፎ በባሚያ ወጥ የሚቀርብበትን ቤት ጠይቃችሁ ግቡ። ከከተማው ወጣ ስትሉ የሚቀበላችሁ የቆላ ቀርቀሃ ነው፤ ውስጡ ድፍን፣ ለአጥርና ለቤት የሚሆን፣ ሽመል የሚባለው ዓይነት። አበባ አውጥቶ ዘሩን ሲጥል ጫካው በጅምላ ይደርቃል፤ ስለዚህ አንዱ ተጓዥ ያወራለትን ለምለም ጫካ ሌላው መጥቶ ቆሞ የደረቀ አጥር ሊያገኘው ይችላል።

የሸህ ሆጀሌ አልሐሰንን ስምም ትሰማላችሁ። በ1890 ዓ.ም. ራስ መኮንን በቤኒሻንጉል ከዘመቱ በኋላ አገሩ ለአፄ ምኒልክ በወርቅ ሲገብር፣ በአሶሳ በኩል ዋናው ሰው እሳቸው ሆኑ። አዲስ አበባ የሚኖር አንባቢ ስማቸውን ያውቀዋል፤ ጉለሌ በኩል ያለው መኖሪያ ቤታቸው ሰፈሩን ሰይሞታል። የወርቁ ነገር እስከ ዛሬ አልቆመም፤ በየወንዙ ዳር በእጅ ወርቅ የሚያጥቡ ሴቶችና ወንዶች ታያላችሁ። ሳትጠይቁ ፎቶ አታንሡ። እንጀራቸው ነው።

ከዚያ በሸርቆሌ በኩል ወደ አባይ ትወርዳላችሁ። በአንድ ቀን ውስጥ ከነፋሻማው አሶሳ ተነሥቶ እጅግ ዝቅ ወዳለውና ወደሚግለው ሸለቆ መውረድ ነው፤ ቀርቀሃው ያልቃል፣ ዛፉ ያጥራል፣ ዕጣን የሚወጣበት መቀር በድንጋዩ ላይ ተበትኖ ይታያል። መጨረሻው የሕዳሴ ግድብ ነው። መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. መሠረቱ የተጣለው፣ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው ግድብ 145 ሜትር ከፍታና 1.8 ኪሎ ሜትር ገደማ ርዝመት አለው፤ 5,150 ሜጋ ዋት እንዲያመነጭ የተሠራ ነው። ከኋላው የተኛው ንጋት ሐይቅ 74 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ውሃ ይይዛል። እ.ኤ.አ. በ1968 የእንግሊዝ ጦር ሠራዊት ቡድን ከሸፈርታክ ድልድይ ተነሥቶ በጀልባ ወደ ምዕራብ ሲወርድ ክረምትን የመረጠው ውሃው እንዲሞላለት ነበር፤ አንድ አባሉንም በዚያ ዘመቻ ውሃ ነጥቆታል። ያ ቡድን ያየው ገደል በታችኛው በኩል ዛሬ ሐይቅ ሆኗል። የቀድሞ ማለፊያዎች ሰምጠዋል፤ የቆየ ካርታ ይዞ የሚመጣ ሰው መንገዱ ውሃ ውስጥ ሲገባ ያየዋል። ግድቡ ጋ ያለ ፈቃድ አይገባም፤ ፈቃዱ አስቀድሞ ይጠየቃል።

ስለ ዕቃው ሹፌሩ የነገሩን አጭር ነበር። ሁለት ስኮርታ ጎማ፣ ክሪክ ከነሳንቃው፣ ናፍጣ በጀሪካን፣ ለአንድ ሰው በቀን ቢያንስ አምስት ሊትር ውሃ፣ አጎበር፣ ከሐኪም የተጠየቀ የወባ መድኃኒት። ከምሽቱ አሥራ ሁለት ሰዓት በኋላ ጉዞ የለም። አሶሳ ላይ ያልሞላ ታንክ ወደ ሸርቆሌ አይወጣም፤ ነዳጅ የሚጠፋባቸው ቀኖች አሉና።

«ሌላስ?» አልኳቸው።

«ሌላው ሰው ነው። በየደረሳችሁበት ቀበሌ ወርዳችሁ ሰላም በሉ። ዝም ብሎ ያለፈ መኪና ነው የሚያስጠረጥረው።»

የአክስቴ ልጅ ካርታውን አጠፈ። ለዘንድሮው አዋሽን ያዘ፤ ምዕራቡን ለጥር አቆየው፣ ልጆቹን አንድ ሳምንት ከትምህርት ቤት አስፈቅዶ።

እናንተም ይህን መንገድ ካሰባችሁ ዕቅዱን ክረምት ላይ ጀምሩ፤ ጊዜ ያለው ያኔ ነው። ሆቴል ከመያዛችሁ በፊት ወደ አሶሳ፣ ወደ ግልገል በለስ፣ ወደ ገለጎ የምታውቁት ሰው ካለ ደውሉ፤ ከሌለ የወረዳውን የባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ጠይቁ። ከመነሻችሁ ሦስት ቀን በፊት ደግማችሁ ጠይቁ፤ የሦስት ሳምንት ወሬ ለዚያ አገር አሮጌ ነው። መንገዱ ተዘግቷል ካሏችሁ አትከራከሩ። ጥር ሌላም ጊዜ ይመጣል።